የግል ሐዘንን በፊልምና በቪዲዮ ጨዋታ መተረክ፤ ለወላይታ ትምህርት ቤቶች የሚሰጠው ትምህርት

እንደሚታወቀው በወላይታም ሆነ በሌላው የአገራችን ክፍል ለቅሶ የጋራ ተግባር ነው። ሟች በሥራው ይነሣል፤ ሐዘንተኛም ብቻውን አይተውም። የለቅሶው ሰሞን አልፎ ወደ ክፍሉ የሚመለስ ሕፃን ግን የደረሰበትን የሚናገርበት ሥፍራ ሁልጊዜ አያገኝም። ሐምሌ 15 ቀን 2016 ዓ.ም. በዚያው በደቡብ ኢትዮጵያ ክልል፣ በጎፋ ዞን፣ ከ200 በላይ ሰዎች በመሬት መንሸራተት ሲያልቁ የጉዳዩ ክብደት ጎልቶ ታይቷል።

ሐዘንን በዘመናዊ መሣሪያ መተረክ እንደሚቻል ሁለት ሥራዎች ያስረዳሉ። ሳሌም መኩሪያ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ባዘጋጁት «የወንዝ ማዕበል» በተሰኘው ዘጋቢ ፊልም፣ በአብዮቱ ዘመን ያጧቸውን ወንድማቸውንና ጓደኛቸውን ያስታውሳሉ። በአሜሪካም ራያንና ኤሚ ግሪን የተባሉ ባልና ሚስት በካንሰር ስለሞተው ሕፃን ልጃቸው ያዘጋጁት የቪዲዮ ጨዋታ እ.ኤ.አ. በ2016 ለሕዝብ ቀርቧል። በአንዱ ክፍል ተጫዋቹ የሚያለቅሰውን ሕፃን ሊያባብል ቢሞክርም ጥረቱ አይሠምርለትም።

ከዚህ እንደምንረዳው ፊልሙ ማዳመጥን ሲያስተምር፣ ጨዋታው ደግሞ የሐዘንተኛውን አቅም ማጣት ተጫዋቹ በገዛ እጁ እንዲያውቀው ያደርጋል። የሁለቱም ፍሬ ነገር የሰውን ሐዘን ለመካፈል መቀመጥ ነው።

በመሆኑም መምህሩ ሕፃኑ በፈቃዱ፣ በአፍ መፍቻ ቋንቋው በወላይትኛ፣ እንዲናገር፣ እንዲሥል ወይም እንዲጽፍ ዕድል ሊሰጠው ይገባል፤ ማስገደድ ግን ቁስልን መነካካት ነው። ድምፅ ወይም ምስል የሚቀረፅ ከሆነ የቤተሰቡ ፈቃድ ይቅደም። ዕቅድ አውጪዎችም ለመሣሪያ ግዢ ከማሰባቸው በፊት መምህራን የማዳመጥ ሥልጠና እንዲያገኙ ጊዜ ይመድቡ፤ ካሜራው ያለ አድማጭ ሐዘንን አያቀልምና።