ሰዓት አስተካካዩ መሣሪያ፦ በመተማ ድንበር ላይ የሚደረግ የሐሳብ ሙከራ

በሳይንስ ልብ ወለዶች ውስጥ ጊዜን የሚያስተካክሉ ድንቅ መሣሪያዎች ሞልተዋል። በዚህ ጽሑፍ እኛም አንድ እንዲህ ያለ መሣሪያ በሐሳባችን ሠርተን፣ በምዕራብ ጎንደር ቆላ በመተማ ዮሐንስ የድንበር ኬላ ላይ እናቆመዋለን። ተግባሩ አንድ ብቻ ነው፤ በመተማና ከድንበሩ ማዶ ባለችው የሱዳን ከተማ በገላባት የሚገኙ ሰዓቶች ሁሉ እርስ በርሳቸው እንዲግባቡ ማድረግ።

ሁለቱ ከተሞች ፊት ለፊት የሚተያዩ በመሆናቸው ሥራው ቀላል ይመስላል። ይሁን እንጂ መሣሪያችን ሦስት ጥያቄዎችን መመለስ ይኖርበታል። አንደኛ፣ የአንድ ሰከንድ ርዝመት ምን ያህል ነው? ሁለተኛ፣ አሁን ያለንበት ቅጽበት የትኛው ነው? ሦስተኛ፣ ይህ ቅጽበት ስንት ሰዓት ተብሎ ይጠራል? በቅደም ተከተል እንመልከታቸው።

የሰከንድ ርዝመት

በእጅ ሰዓትና በግድግዳ ሰዓት ውስጥ በብዛት የሚገኘው የኳርትዝ ክሪስታል በሰከንድ 32,768 ጊዜ ይነዝራል። ይህ ቁጥር 2 በራሱ 15 ጊዜ ሲባዛ የሚገኝ ስለሆነ፣ ቀላል የኤሌክትሮኒክስ ዑደት በተደጋጋሚ ለሁለት እያካፈለ አንዲት ሰከንድ ላይ ይደርሳል።

ችግሩ ሙቀት ነው። እንዲህ ያለው ክሪስታል በትክክል እንዲሠራ የሚዘጋጀው አብዛኛውን ጊዜ ለ25 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ሲሆን፣ ከዚያ በራቀ ቁጥር ንዝረቱ ይዘገያል። መዘግየቱም የሚያድገው በሙቀት ልዩነቱ ካሬ ልክ ነው። የመተማ ቆላ በበጋው መጨረሻ ከ40 ዲግሪ የሚያልፍበት ጊዜ አለ። ክሪስታሉ ቀንና ሌሊት በ40 ዲግሪ ውስጥ ቢቆይ፣ በዚህ ምክንያት ብቻ በቀን ከግማሽ ሰከንድ በላይ፣ በወር ደግሞ 20 ሰከንድ ያህል ወደ ኋላ ይቀራል።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ እንበል። በመተማና በገላባት ያሉ ሁለት ተመሳሳይ ሰዓቶች በአንድ ዓይነት ሙቀት እኩል ስለሚዘገዩ፣ እርስ በርሳቸው ይስማማሉ፤ ነገር ግን ሁለቱም ተሳስተዋል። መስማማት ብቻውን የትክክለኛነት ማስረጃ አይደለም። ስለዚህ መሣሪያችን ከሁለቱም ውጭ የሆነ ዳኛ ያስፈልገዋል።

ቅጽበቱን ማወቅ

ዳኛው ከሰማይ ይመጣል። ሰከንድ በዓለም አቀፍ ስምምነት የተበየነችው ከሲዝየም አቶም በሚወጣ ጨረር 9,192,631,770 ንዝረቶች ነው። የጂፒኤስ ሳተላይቶች አቶሚክ ሰዓቶችን ተሸክመው ጊዜን ያሰራጫሉ፤ የቆመበትን ሥፍራ አስቀድሞ የሚያውቅ መሣሪያ ከአንድ ሳተላይት በሚመጣ ምልክት ብቻ ሰዓቱን ማረም ይችላል።

እነዚህም ሰዓቶች ቢሆኑ እርማት ይሻሉ። በአንስታይን አንጻራዊነት ንድፈ ሐሳብ መሠረት፣ በምሕዋር ላይ ያለው ሰዓት ምድር ላይ ካለው በቀን 38 ማይክሮ ሰከንድ ያህል ይቀድማል። ይህም አስቀድሞ ተሰልቶ ይታረማል። በእነዚህ ዘዴዎች መሣሪያችን ቅጽበቱን ከሚሊዮን አንድ ሰከንድ ባነሰ ስሕተት ያውቃል። የፊዚክስ ሥራ እዚህ ላይ ያበቃል።

ቅጽበቱን መሰየም

አሁን ከባዱ ጥያቄ ይመጣል። ኢትዮጵያ የምትጠቀመው ከዓለም አቀፉ መነሻ ሰዓት በ3 ሰዓት የሚቀድመውን ጊዜ ነው። ሱዳን ቀድሞ በ2 ሰዓት ትቀድም ነበር፤ ጥር 6 ቀን 1992 ዓ.ም. ወደ 3 ከፍ አደረገችው፤ ጥቅምት 22 ቀን 2010 ዓ.ም. ደግሞ ወደ 2 መለሰችው። በመካከሉ ለ17 ዓመታት ከ9 ወራት ያህል የሁለቱ አገሮች ሰዓት አንድ ነበር። በ1995 ዓ.ም. የተሠራና ከዚያ ወዲህ ያልታደሰ መሣሪያ፣ ክሪስታሉ ምንም ያህል ትክክለኛ ቢሆን፣ ዛሬ ለገላባት የሚነግረው ሰዓት በአንድ ሰዓት የተሳሳተ ይሆናል።

ፀሐይ ከየትኛው ወገን ናት? መተማ የምትገኘው በ36.2 ዲግሪ ምሥራቅ ኬንትሮስ አካባቢ ነው። ምድር አንድ ዲግሪ ለመዞር 4 ደቂቃ ስለሚፈጅባት፣ የመተማ የፀሐይ ጊዜ ከመነሻው በ2 ሰዓት ከ25 ደቂቃ ያህል ይቀድማል። ስለዚህ ፀሐይ መካከለኛው ሰማይ ላይ ስትደርስ፣ በአማካይ የኢትዮጵያ ሰዓት ከቀኑ 6፡35፣ የሱዳን ሰዓት ደግሞ 11፡35 ይላል። አንዱ በ35 ደቂቃ ይቀድማታል፤ ሌላው በ25 ደቂቃ ይዘገያል። ፀሐይ ለሁለቱም አልፈረደችም።

በዚህ ላይ የአቆጣጠራችን ልማድ ይጨመራል። እኛ ሰዓትን የምንቆጥረው ከንጋት ጀምረን ነው። አገራችን ለምድር ወገብ ቅርብ በመሆኗ፣ በመተማ እንኳ ፀሐይ የምትወጣበት ሰዓት በዓመት ውስጥ የሚዋዥቀው ከአንድ ሰዓት ባነሰ ነው፤ አቆጣጠሩም ለአገሩ ተስማሚ ነው። ውጤቱ ግን በገላባት ከጠዋቱ 8 ሰዓት ሲል፣ በመተማ ከጠዋቱ 3 ሰዓት መሆኑ ነው።

ይህ የቁጥር ጨዋታ ብቻ አይደለም። ሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. በሱዳን ጦርነት ከተነሣ በኋላ፣ ብዙ ሰዎች በመተማ በኩል ወደ ኢትዮጵያ ገብተዋል። ከመካከላቸው በየ12 ሰዓቱ መድኃኒት የሚወስድ ሕመምተኛ አለ እንበል። ወረቀቱ ላይ የተጻፈለት «8 እና 8» የሚል ብቻ ነው። ማታ በሱዳን አቆጣጠር 8 ሰዓት ላይ ወስዶ ድንበሩን ቢሻገርና፣ በማግስቱ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ከቀኑ 8 ሰዓት ቢጠብቅ፣ በሁለቱ መካከል ያለፈው ጊዜ 12 ሳይሆን 17 ሰዓት ይሆናል። ስሕተቱ ከማንኛውም ክሪስታል ስሕተት በብዙ ሺህ እጥፍ ይበልጣል፤ ሆኖም አንድም ሰዓት አልተበላሸም።

እንግዲህ መሣሪያችን ምን ያሳይ?

ሁሉንም ወገን በአንድ ቁጥር ማስገደድ አይችልም፤ ሰዓትን መሰየም የሕግና የልማድ ጉዳይ ነውና። ማድረግ የሚችለው ከእያንዳንዱ ቁጥር ጋር የማን አቆጣጠር እንደሆነ መጻፍ ነው፤ «ከጠዋቱ 3 ሰዓት፣ በኢትዮጵያ አቆጣጠር፤ ከጠዋቱ 8 ሰዓት፣ በሱዳን»። ይህን ለማድረግ ሳተላይት አያስፈልግም፤ እርሳስና ወረቀት ይበቃል። የመኪና መነሻ፣ የሐኪም ቀጠሮ ወይም የመድኃኒት ትእዛዝ የሚጽፍ ሁሉ የመሣሪያውን ዋና ሥራ ሊሠራው ይችላል።

ውድ አንባብያን፣ በየከተማችሁ ስሌቱን ሞክሩት። የከተማችሁን ኬንትሮስ ከ45 ቀንሳችሁ በ4 ብታባዙት፣ ሰዓታችሁ ከፀሐይ በአማካይ በስንት ደቂቃ እንደሚቀድም ታገኛላችሁ። ለአዲስ አበባ 25 ደቂቃ ያህል ይመጣል። ከዚያም ቀጥ ያለ ዘንግ ተክላችሁ ጥላው እጅግ የሚያጥርበትን ሰዓት መዝግቡ። ከስሌቱ እስከ 16 ደቂቃ የሚደርስ ልዩነት ብታገኙ አትደንግጡ፤ የምድር ምሕዋር ፍጹም ክብ ባለመሆኑና ዛቢያዋ በማዘንበሉ የሚመጣ፣ እንደ ወቅቱም የሚለዋወጥ ልዩነት ነው።