አንድ መጽሐፍና አንድ ድምፅ፤ ስለ ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ

በዚህ ዕትም ስለ አንድ ተዋናይ ልናጫውታችሁ ነው። «እኛ ነገ ጠመኔ ይዘን ወደ መንዝ፣ ወደ ግሼና ወደ መርሐ ቤቴ የምንበተን ዕጩ መምህራን ነን፤ ተዋናይ ምን ያደርግልናል?» የምትሉ አትጠፉም። እስከ መጨረሻው አንብቡና ፍረዱ።

ቲያትር ለአካባቢያችን ባዕድ አይደለም። የመጀመሪያውን ዘመናዊ የአማርኛ ተውኔት የጻፉት በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም የተወለዱት እዚሁ ሰሜን ሸዋ፣ ሰያደብር ነው። በአውሬዎች ተረት አሳበው የጊዜውን አስተዳደር ስለ ነቀፉ ተውኔታቸው በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ታገደ። በኋላም በ1948 ዓ.ም አዲስ አበባ ላይ ዛሬ ብሔራዊ ቲያትር የምንለው ቤት ተከፈተ። ችግሩ መድረኩ ከተማ መሆኑ ነበር። የመንዝ ገበሬ በጉንና ገብሱን ትቶ፣ በናውን ደርቦ፣ ትኬት ሊቆርጥ አዲስ አበባ አይወርድ!

ወጋየሁ ንጋቱና ጓደኛው ደበበ እሸቱ በዩኒቨርሲቲው የኪነ ጥበባት ማዕከል ጀምረው፣ ለተጨማሪ ትምህርት ወደ ሃንጋሪ የተላኩ ተዋንያን ነበሩ። ደበበ ከመድረክ አልፎ እ.ኤ.አ. በ1973 በወጣው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» ፊልም ላይ ታየ። ወጋየሁም በመድረክ ስሙ የገነነ ነበር። ይሁን እንጂ ሲኒማ ቤት በሌለበት አገር ሁሉ ያደረሰው ሬዲዮ ነው።

የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» የታተመው በ1958 ዓ.ም ሲሆን ከ500 ገጽ በላይ ነው። በዚያ ዘመን ከመቶው ሰው 90 ያህሉ ማንበብ አይችልም ነበር። እንግዲህ ያ ሁሉ ገጽ ለማን ተጻፈ? ወጋየሁ መጽሐፉን በኢትዮጵያ ሬዲዮ ሲተርከው፣ ፊደል ያልቆጠረውም ሰው ባትሪ ድንጋይ አጉርሶ፣ ጎረቤት ጠርቶ አደመጠ። ባለታሪኩ በዛብህም እኮ የሰብለ ወንጌል አስተማሪ ነው!

አሁን ወደ ሙያው እንግባ። ተዋናይ በመድረክ ላይ ልብስ አለው፤ መብራት አለው፤ እጁና ፊቱ ያግዙታል። በሬዲዮ ግን እነዚህ ሁሉ የሉም። ያለው ድምፅና ዝምታ ብቻ ነው። ወጋየሁ አንድ ሰው ሆኖ ሳለ ፊታውራሪ መሸሻን፣ ሰብለ ወንጌልን፣ በዛብህንና ጉዱ ካሣን ለየብቻ ያሰማናል። ይህ የሚሆነው በጩኸት አይደለም። አንባቢው አስቀድሞ ማን እንደሚናገር፣ ለማን እንደሚናገርና ለምን እንደሚናገር ሲያውቅ፣ የት እንደሚያርፍም ሲለይ ነው። ነጥብ ላይ ትንፋሽ ካልወሰደ፣ አድማጩም ነገሩን የሚያብላላበት ጊዜ አያገኝም።

ይህ ነገር እኛን ለምን ነካን? ከመካከላችን አንዱ በማስተማር ልምምድ ጊዜ፣ በአንድ የደጋ ትምህርት ቤት፣ መጽሐፍ ለሁሉ ባልደረሰበት ክፍል ምንባብ አነበበ። ቶሎ ልጨርስ ብሎ በአንድ ትንፋሽ ነጎደ። ሲጨርስ «ምን ገባችሁ?» ቢል መልስ የለም። አንዲት ልጅ ብቻ እጇን አውጥታ «ጋሼ፣ ማን ነው የሞተው?» አለችው። ሌሊቱን አልተኛም። በማግሥቱ ያንኑ ምንባብ ዝግ ብሎ፣ እያረፈ አነበበላቸው፤ ያቺው ልጅ ታሪኩን ከራስ እስከ ግርጌ መልሳ ነገረችው። ልጆቹ ያው ናቸው፤ ምንባቡም ያው ነው። የተለወጠው አንባቢው ነው።

ወጋየሁ በ1982 ዓ.ም ዐረፈ። ድምፁ ግን ከሬዲዮ ወደ ካሴት፣ ከካሴት ወደ ስልክ እየተሻገረ ዛሬም ይደመጣል። ስለዚህ ጓደኞቻችን፣ በዚህ ሳምንት ማታ ማታ፣ ከመተኛታችን በፊት፣ እያንዳንዳችን አንድ አንድ ገጽ ለመኝታ ክፍል ጓደኞቻችን ጮክ ብለን እናንብብ። «ማን ነው የሞተው?» የሚል ከተገኘ፣ ገጹን ከመጀመሪያው እንድገመው። ክፍል ገብተን ከምናፍር እዚሁ መታረሙ ይሻላል።