ስደትን የከለከለው ደንብና ራስ እምሩ

ሲልቨር ስፕሪንግ፦ ባለፈው ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ከጆርጂያ አቬኑ ፈንጠር ብሎ በሚገኝ የሀበሻ ካፌ ተቀምጠን ነበር። ጨዋታው እንደተለመደው ወደ ፖለቲካ ዞረ፤ እንደተለመደውም ተጋጋለ። በመካከሉ አንድ ወጣት «አገር ጥላችሁ ወጥታችሁ ስለ አገር የምታወሩት በምን አፋችሁ ነው?» ሲል ቤቱ ጸጥ አለ። በዕድሜ የገፉ አንድ አባት ስኒያቸውን አስቀመጡና «ልጄ፣ ይህን ነገር አንተ አልጀመርከውም። ጥቁር አንበሶች በደንባቸው ጽፈውታል» አሉት። ወጣቱም «የትኞቹ ጥቁር አንበሶች፣ ጋሼ?» ብሎ ጠየቀ።

ጥያቄው ቤታችን ድረስ ተከተለን። ውድ አንባቢያን፣ ጥቁር አንበሶች ሲነሱ መሪያቸው ሳይነሱ አይታለፍምና ዛሬ ስለ ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴ ጥቂት እንድንል ይፈቀድልን።

ራስ እምሩ የደጃዝማች ኃይለ ሥላሴ አባይነህ ልጅ ናቸው። በኅዳር 1885 ዓ.ም. ሐረርጌ ውስጥ ጉርሱም ተወለዱ። ከዘመዳቸው ከተፈሪ መኰንን ጋር አብረው አደጉ፣ ከአባ ሳሙኤል እግር ሥር አብረው ተማሩ። አንደኛው ንጉሠ ነገሥት ሲሆን ሌላው ሐረርን፣ ወሎን፣ በኋላም ጎጃምን ገዛ። እስከዚህ ድረስ ታሪኩ የማንኛውም መስፍን ታሪክ ነው።

ጣሊያን ሲወር ራስ እምሩ በሽሬ ግንባር የግራውን ክንፍ ጦር አዘመቱ። በታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. ተከዜን ተሻግረው ደምበጉና በተባለው በር ላይ የጠላትን ጦር ከበቡ። ወታደሮቻቸውም ትንንሾቹን የጣሊያን ታንኮች ተጠግተው ከጥቅም ውጭ አደረጓቸው። መልሱ ከሰማይ መጣ። በዚያው ወር የጣሊያን አውሮፕላኖች ተከዜ ዳር በሠፈረው ጦር ላይ የመርዝ ጋዝ ጣሉ። ወታደሩ የሚተኮስበትን እንጂ የሚያቃጥለውን ፈሳሽ የሚዋጋበት ብልሃት አልነበረውም። በየካቲት መጨረሻ ሽሬ ላይ ጠንክረው ተዋግተው አፈገፈጉ።

ሚያዝያ 24 ቀን 1928 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ አገር ለቀው ሲወጡ ራስ እምሩን እንደራሴ አድርገው ትተዋቸው ሄዱ። ራስ እምሩም የተረፈውን ጦር ይዘው ወደ ጎሬ ወረዱ። ከጎሬ በጋምቤላ በኩል የሱዳን ድንበር ሩቅ አይደለም። መውጣት ቢፈልጉ መንገዱ ከፊታቸው ነበር።

በዚያው ሰሞን ነቀምቴ ላይ የሆለታ ጦር ትምህርት ቤት ዕጩ መኰንኖችና ወጣት ምሁራን ተሰባስበው በእንስሳት ሐኪሙ በዶክተር ዓለመወርቅ በየነ ሊቀ መንበርነት «ጥቁር አንበሳ» የተባለውን ማኅበር መሠረቱ። ዐሥር ነጥብ ያለው ደንብም አወጡ። ፖለቲካው ከጦሩ በላይ ይሁን፣ ገበሬው አይበደል፣ ምርኮኛ በሰብአዊነት ይያዝ፣ አባል የሆነ ወደ ውጭ አገር አይሰደድ፣ ከመማረክ ሞት ይመረጥ የሚሉ ነበሩበት። እነዚህ ልጆች ራስ እምሩን ምሩን አሏቸው፤ እሳቸውም እሺ አሉ።

ምዕራቡ ግን አልተመቻቸውም። የወለጋ ኦሮሞ መሪዎች ከነፍጠኛው የደረሰባቸውን በደል አልረሱምና ብዙዎቹ አልተከተሏቸውም። ይህን ሳይናገሩ ማለፍ ታሪክን መሸፈን ነው። በመጨረሻም ታኅሣሥ 1929 ዓ.ም. ጎጀብ ወንዝ አጠገብ ተከብበው እጃቸውን ሰጡ። ከመማረክ ሞት ይመረጥ የሚለውን አንቀጽ አልፈጸሙም። አትሰደዱ የሚለውን ግን እስከ መጨረሻዋ ሰዓት ጠብቀዋል። አብረዋቸው ከገቡት መካከል ወጣቱ መኰንን ክፍሌ ናሲቡ ከየካቲት 12ቱ ጭፍጨፋ በኋላ ተረሸነ። ራስ እምሩ ግን ወደ ጣሊያን ተጋዙ፤ ፖንዛ በምትባል ደሴትም ታሰሩ። በሐምሌ 1935 ዓ.ም. ሙሶሊኒ ራሱ ከሥልጣን ወርዶ እዚያችው ደሴት ላይ እስረኛ ሆነ።

ከነፃነት በኋላ ታሪካቸው ወደ እኛ ሰፈር ይመጣል። ከ1938 ዓ.ም. ጀምሮ ራስ እምሩ ዋሽንግተን ውስጥ የኢትዮጵያ መልእክተኛ ነበሩ። ከሲልቨር ስፕሪንግ በቀዩ መስመር ባቡር ፋራጉት ኖርዝ ወርዶ ጥቂት የተራመደ ሰው ኮንስቲትዩሽን ሆልን ያገኘዋል። ጥቁሯ ዘፋኝ ማሪያን አንደርሰን በ1939 እ.ኤ.አ. እንዳትዘፍንበት የተከለከለችው አዳራሽ ነው። በሴፕቴምበር 1948 እ.ኤ.አ. ፕሬዚዳንት ትሩማን እዚያ ለሳይንስ ሊቃውንት ንግግር ሲያደርጉ ራስ እምሩ በዲፕሎማቶች ቦታ ተቀምጠው ሳለ ተነሥተው ጥቁሮች ወደሚቀመጡበት እንዲዛወሩ ተጠየቁ። እሳቸው አዳራሹን ለቀው ወጡ። የአሜሪካ የውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤትም ይቅርታ ጠየቀ።

አገር ቤት ደግሞ መሬታቸውን ለጭሰኞቻቸው በመስጠታቸው «ቀዩ ራስ» ተባሉ። የ1953ቱ የታኅሣሥ ግርግር ጠንሳሾች ጠቅላይ ሚኒስትር ብለው ስማቸውን በሬዲዮ ያስነገሩት ያለ ምክንያት አልነበረም። ሙከራው በቀናት ውስጥ ከሸፈ፤ ንጉሡም አብሮ አደጋቸውን አልቀጡም፣ አምባሳደር አድርገው ወደ ሞስኮ ላኳቸው። ራስ እምሩ በነሐሴ 1972 ዓ.ም. አዲስ አበባ ውስጥ ዐረፉ። የዘመድ ዙፋን ሲወድቅ አዩ፣ ያም ሆኖ በአገራቸው ሞቱ።

እዚህ ላይ የራሳችንን ጉድ ካልተናገርን ጽሑፉ ሙሉ አይሆንም። በመንግሥት ጋዜጣ አዘጋጅነት በምንሠራበት ዘመን አንድ ባልደረባችን ለድል በዓል ስለ ጥቁር አንበሶች ጽፎ አመጣ። የራስ እምሩ ስም በጽሑፉ መካከል ነበር። ከበላያችን ያሉት ሰው «ራሶቹን ተዋቸው» አሉን። እኛም ቀይ እስክሪብቶ አንሥተን ሠረዝነው፣ ፈርመንም ወደ ማተሚያ ቤት ሰደድነው። ማንም ሽጉጥ አልደቀነብንም። ባልደረባችን በማግስቱ ጋዜጣውን አየና ምንም ሳይለን ወደ ጠረጴዛው ተመለሰ።

ስለዚህ ለዚያ ወጣት የምንመልሰው ይህን ነው። መውጣታችንን ብትጠይቀን መልስ አናጣም፤ እስር ነበር፣ ማስፈራሪያ ነበር፣ ልጆች ነበሩ። ከመውጣታችን በፊት በተቀመጥንበት ወንበር ላይ ምን ሠራን ብለህ ብትጠይቀን ግን ያች የሠረዝናት መስመር ትታወሰናለች። ራስ እምሩ መዋጋትም፣ እጅ መስጠትም፣ ወንበር ትቶ መውጣትም ደርሶባቸዋል። በየጊዜው ያደረጉትን ግን ከስማቸው ጋር ተሸክመው ኖረዋል።

በሚቀጥለው ቅዳሜ እዚያው ካፌ እንገኛለን። ወጣቱ ከመጣ ቡናው በእኛ ነው። የሠረዝነውንም ስም ጮክ ብለን እንነግረዋለን።

ቸር ይግጠመን።