ቀሚስ ለብሰው የጀመሩት አባባ

«ደሞ አዝማሪ ልትሆን ነው?»

አባቴ ይህን ያለኝ ዘጠነኛ ክፍል እያለሁ ነው። እዚሁ ደብረ ታቦር፣ በምማርበት ትምህርት ቤት፣ ለወላጆች በዓል ድራማ ስናዘጋጅ የእናትየዋን ቦታ የሚጫወት ጠፋ። የተመደበችውን ልጅ ቤተሰቦቿ «መድረክ ላይ አትወጣም» ብለው ከለከሏት። እኔ የእናቴን ቀሚስ ለበስኩ፣ ነጠላዬን አጣፋሁና ወጣሁ። አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ከዚያ በኋላ ግን እስከ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ድረስ ስሜ «እታለም» ሆኖ ቀረ። ድራማውንም ተውኩት።

ያን ቀን ያጽናናችኝ እናቴ ናት። «አባባ ተስፋዬም እኮ ቀሚስ ለብሰው ነው የጀመሩት» አለችኝ። ልጅ ሳለች ቴሌቪዥን ካለው ጎረቤት ቤት እየሄደች ታያቸው ነበር። የቀሚሱን ነገር የሰማችው ግን በ2009 ዓ.ም. ሲያርፉ ከሬዲዮ ነው። ውድ አንባቢያን፣ በዚህች አጭር ጽሑፍ የእኚህን ሰው ሕይወትና ሙያ ከኮሜዲ ትወና አንጻር ላስቃኛችሁ እሞክራለሁ።

ሴት የሌለበት መድረክ

ተስፋዬ ሣህሉ በ1915 ዓ.ም. በባሌ ተወለዱ። ከጣሊያን ወረራ በኋላ፣ በ1930ዎቹ፣ በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ቴአትር መሥራት ሲጀምሩ አንድ ችግር ነበር፤ ሴት ተዋናይ አልነበረችም። በጊዜው መድረክ ላይ መውጣት ለጨዋ ልጅ፣ በተለይ ለሴት፣ እንደ ነውር ይታይ ነበር። ስለዚህ የሴቷን ቦታ ወንድ መሸፈን ነበረበት። ይህን ከሸፈኑት ቀዳሚዎቹ አንዱ ተስፋዬ ናቸው።

ነገሩ የእኛ አገር ብቻ አይደለም። በእንግሊዝ እስከ 17ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ድረስ የሼክስፒርን ሴቶች የሚጫወቱት ወንዶች ልጆች ነበሩ። በጃፓን ካቡኪ ቴአትር ደግሞ ዛሬም ወንዶች ናቸው። ልዩነቱ እዚያ እንደ ትልቅ ሙያ መታየቱ ነው። በእኛ በደቡብ ጎንደር አዝማሪ ለሰርግ ይፈለጋል፣ ግንባሩ ላይ ብር ይለጠፍለታል፤ ልጄ አዝማሪ ይሁንልኝ የሚል አባት ግን ብዙም አይገኝም። የአባቴ ቁጣም ከዚህ የመጣ ነው።

ማሳቅና ማላገጥ

የኮሜዲ ገጸ ባሕርይ ተዋናይ የሚባለው ዝም ብሎ ቀልድ የሚያወራ ሰው አይደለም። ቀልድ አውሪው በራሱ ስም ቆሞ ያስቃል። ተዋናዩ ግን ሌላ ሰው ይሆናል፤ አረማመዱን፣ አነጋገሩን፣ አቀማመጡን ይቀይራል። እኔ ያኔ ያስቀኩት ቀሚስ በመልበሴ ብቻ ነው፤ እናትየዋን አልሆንኳትም። ይህ ማላገጥ ነው። በአንድ ቴአትር ሙሉ ሴት ሆኖ የሚጫወት ሰው ግን ቀሚሱ የሚያስቀው ለመጀመሪያዎቹ ጥቂት ደቂቃዎች ብቻ ነው። ከዚያ በኋላ ተመልካቹን የሚይዘው ሴትየዋን በደንብ አይቶ፣ አክብሮ ማምጣቱ ነው።

ተስፋዬ በኋላ ከቃኘው ሻለቃ ጋር ኮሪያ ዘምተው ወታደሮቹን በጨዋታ አዝናንተዋል። ከአገራቸው ርቆ ሞት አጠገብ ያለን ሰው ማሳቅ ቀላል ሥራ አይመስለኝም። ሲመለሱም በ1948 ዓ.ም. በተከፈተውና ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በምንለው ቤት ሠርተዋል።

ትልቁ ገጸ ባሕርይ

የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. ተመሠረተ። ተስፋዬ የልጆችን ፕሮግራም ይዘው ብቅ አሉ፤ «ጤና ይስጥልኝ ልጆች» እያሉ ተረት ነገሩ። ልብ በሉ፣ ያኔ ዕድሜያቸው ገና 42 አካባቢ ነበር። በእኛ አገር «አባባ» የሚባለው አባት ወይም አያት ነው፤ እሳቸው ግን የአገሩን ልጅ ሁሉ አያት ሆነው ቀረቡ። እንደ እኔ አስተያየት ትልቁ ገጸ ባሕርያቸው ይኸው ነው። ከ40 ዓመት በላይ፣ እስከ 1998 ዓ.ም. ድረስ ስለተጫወቱት ሰውየውና ገጸ ባሕርዩ አንድ ሆኑ። ንጉሡ ወረዱ፣ ደርግ መጣ፣ ደርግም ሄደ፤ አባባ ተስፋዬ ግን እዚያው ነበሩ። ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ሲያርፉ ብዙ ሰው ያለቀሰው እንደ ራሱ አያት ነው።

እኛስ?

ያ ትውልድ ቀሚሱን ባይለብስ ኖሮ የሴቷ ቦታ ከመድረኩ ላይ ይጎድል ነበር። በኋላ ሴቶች ራሳቸው ወጥተው ቦታቸውን ያዙ። የእኛን ድራማ ሳስብ የሚቆጨኝ «እታለም» መባሌ አይደለም። ያቺ ልጅ የራሷን ቦታ አለመጫወቷ፣ እኔም ደግሞ በቅጡ ሳልጫወትላት መቅረቴ ነው።

ዘንድሮ ወደ ድራማ ክበብ ተመልሻለሁ። የደረሰኝ ቦታ የአንድ ክስ የሚወድ ሽማግሌ ነው፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ገበያ እየሄድኩ የሽማግሌዎችን አቀማመጥ አያለሁ። እናትየዋን የምትጫወተው ሴት ናት። ለአባቴ በስልክ ነገርኩት። ትንሽ ዝም አለና «በስንት ሰዓት ነው?» አለኝ።