የጃፓን ማእድና የመንዝ ባና፤ ባህልን ለእንግዳ አሳይቶ ስለ መነገድ

በመንዝ፣ በግሼና በመርሐ ቤቴ አገር እንግዳ መቀበል ከአባት የተወረሰ ግዴታ እንጂ ዋጋ የሚጠየቅበት ሥራ አይደለም። የመሸበት መንገደኛ ከደጅ ቆሞ «የእግዜር እንግዳ ነኝ» ያለ እንደ ሆነ፣ የቤቱ ጌታ እግሩን አሳጥቦ፣ ያለውን አቅርቦ፣ መደቡን ለቆ ያሳድረዋል። ይህ ልማድ የተመሰገነ ነው። ነገር ግን ይህንኑ የመሰለ ልማዳቸውን ሳያዋርዱና ክብሩን ሳይቀንሱ ትልቅ የንግድ ሥራ ያደረጉት ሕዝቦች አሉ፤ ከእነዚህም አንዱ የጃፓን ሕዝብ ነው። ጃፓኖች ለውጭ አገር ሰው የሚሸጡት አውቶሞቢልና ራዲዮ ብቻ አይደለም። የማእዳቸውን አቀራረብ፣ የሻያቸውን አፈላል፣ የልብሳቸውንም አለባበስ በሥርዓት እያሳዩ ይሸጣሉ። ይህ እንዴት እንደሚሠራ ማወቅ ለቀየትም ሆነ ለመሐል ሜዳ ነጋዴ የሚጠቅም ጉዳይ ነው።

ጃፓንን ዞሮ አይቶ ለኢትዮጵያውያን በመጽሐፍ የገለጠው ታላቅ ሰው የዚሁ አገር ተወላጅ መሆኑ ደግሞ ነገሩን ይበልጥ የቅርብ ያደርገዋል። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1870 ዓ.ም. በመርሐ ቤቴ ተወለዱ። የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር በነበሩበት ጊዜ በ1924 ዓ.ም. የንጉሠ ነገሥቱ ልዩ መልእክተኛ ሆነው ከአዲስ አበባ እስከ ጅቡቲ በምድር ባቡር፣ ከዚያም በመርከብ ተጕዘው ጃፓን ደረሱ። ከእርሳቸውም ጋራ ልጅ አርአያ አበበ፣ አቶ ተፈሪ ገብረ ማርያምና አቶ ዳባ ብሩ ነበሩ። ከንጉሠ ነገሥት ሂሮሂቶ ፊት ቀርበው መልእክታቸውን ካደረሱ በኋላ፣ አስጐብኚ ተመድቦላቸው ከተሞቹንና ፋብሪካዎቹን እየተዘዋወሩ ተመለከቱ። በዚያው ዓመትም «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» የተባለውን መጽሐፋቸውን በአዲስ አበባ አሳተሙ። መጽሐፉ በ1934 እ.ኤ.አ. በጃፓንኛ ተተርጕሞ ለባለአገሮቹ ደርሷል።

የዚያ ጕዞ ጉዳይ ወዳጅነት ብቻ አልነበረም፤ ንግድም ነበረበት። ሁለቱ መንግሥታት በኅዳር ወር 1923 ዓ.ም. የወዳጅነትና የንግድ ውል ተፈራርመው ነበር። በእነዚያ ዓመታትም የጃፓን የጥጥ ጨርቅ በዋጋው ርካሽነት የሌሎችን አገሮች ጨርቅ እየገፋ በኢትዮጵያ ገበያ ላይ ዋናውን ስፍራ ይዞ ነበር። ስለዚህ ጃፓኖች ከተማቸውንና ፋብሪካቸውን ለኢትዮጵያ መልእክተኞች ባሳዩ ጊዜ፣ አንድም ወዳጅን ማክበራቸው፣ አንድም ደንበኛን ማጽናታቸው ነበር። ከዚያም ወዲህ ግርማዊ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በኅዳር 1949 ዓ.ም. ጃፓንን ጐበኙ፤ አልጋ ወራሹ ልዑል አኪሂቶም በኅዳር 1953 ዓ.ም. ወደ ኢትዮጵያ መጡ። ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. ሻምበል አበበ ቢቂላ በቶኪዮ ጎዳናዎች ላይ ማራቶኑን በ2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሰከንድ ሮጦ ባሸነፈ ጊዜ የኢትዮጵያ ስም በከተማዪቱ ሕዝብ ሁሉ ዘንድ ታወቀ። የኢትዮጵያ አየር መንገድም በ2007 ዓ.ም. ወደ ቶኪዮ መብረር ስለ ጀመረ፣ ቀድሞ በመርከብ ሳምንታት ይፈጅ የነበረው መንገድ ከአንድ ቀን ብዙ የማይበልጥ ሆኗል።

ዛሬ ቶኪዮ የደረሰ ነጋዴ ለአንድ ቀን አስጐብኚ ቢቀጥር፣ በብዙ ጊዜ በቅድሚያ የሚወሰደው አሳኩሳ ወደሚባለው ሰፈር ነው። በዚያም ሴንሶጂ የተባለው የቡድሃ ቤተ መቅደስ አለ። እንደ ትውፊታቸው በ628 እ.ኤ.አ. ሁለት ዓሣ አጥማጆች ከሱሚዳ ወንዝ ውስጥ ምስል በመረባቸው ስላወጡ ስፍራው የተቀደሰ ሆነ ይባላል። ታላቅ ቀይ ፋኖስ ከተንጠለጠለበት በር አንሥቶ እስከ ቤተ መቅደሱ ድረስ ናካሚሴ የሚባል የገበያ መንገድ ይዘልቃል። ርዝመቱ 250 ሜትር ያህል ሲሆን፣ በግራና በቀኝ ጣፋጭ ብስኩት፣ ማራገቢያና የባህል ጫማ የሚሸጡ ትንንሽ ሱቆች ተደርድረውበታል። በእኛም አገር በንግሥ በዓል ቀን ከቤተ ክርስቲያን አጠገብ ገበያ እንደሚቆም ሁሉ፣ በዚያም ተሳላሚና ነጋዴ ጐን ለጐን ይኖራሉ። የእነርሱ ገበያ ግን በዓመቱ ሁሉ የማይነሣ ነው።

ከዚያ ጥቂት እልፍ ሲሉ የወጥ ቤት ዕቃ ብቻ የሚሸጥበት ካፓባሺ የሚባል መንገድ ይገኛል። ቢላዋውና ሳሕኑ የታወቀ ነው፤ ነጋዴውን ሰው ይልቁን የሚያስደንቀው ግን ከፕላስቲክ የሚሠራው የምግብ አምሳያ ነው። ምግብ ቤቶች ይህንኑ አምሳያ ገዝተው ዋጋውን ጽፈው በመስተዋት ውስጥ ለመንገደኛ ያሳያሉ። ቋንቋውን የማያውቅ እንግዳ በጣቱ ጠቍሞ የፈለገውን ያዛል፤ ዋጋውን አስቀድሞ ስላወቀም በሒሳብ ጊዜ ክርክር የለም። የእንግዳ ንግድ የመጀመሪያው መሠረት ይህ ነው፤ እንግዳው ምን እንደሚቀርብለትና ምን እንደሚከፍል ሳይጠይቅ ማወቅ አለበት።

ወደ ማእዱ በቀረቡ ጊዜ በመጀመሪያ የሚመጣው የእጅ መጥረጊያ እርጥብ ፎጣ ነው፤ በእኛ ዘንድ ከምግብ በፊት ውሃ እንደሚያስታጥቡት ማለት ነው። ከዚያ በኋላ ሩዝ፣ ከአኩሪ አተር ተብላልቶ የተሠራ ሚሶ የሚባል ሾርባ፣ ዓሣና የኮመጠጠ አትክልት በየትንንሹ ሳሕን ይቀርባል። ሱሺ የሚባለው ምግብ በኮምጣጤ በተለወሰ ሩዝ ላይ ጥሬ ዓሣ ተደርጎ የሚበላ ነው። ይህ በዓለም የከበረ ምግብ በ19ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ላይ፣ ቶኪዮ ኤዶ ትባል በነበረበት ጊዜ፣ መንገደኛ ቆሞ የሚጐርሰው የጎዳና ምግብ ነበር። የጃፓን ባህላዊ አመጋገብ በ2013 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ የማይዳሰስ ቅርስ ሆኖ ተመዝግቧል።

በማእዱ ላይ ኢትዮጵያዊው እንግዳ ሊጠነቀቅባቸው የሚገቡ ነገሮች አሉ። በእኛ ዘንድ ጉርሻ ሁለት ነው፤ አንደኛው ከወዳጅ እጅ የሚጐረሰው፣ ሁለተኛው ለአስተናጋጅ የሚሰጠው ገንዘብ። በጃፓን ግን ሁለቱም አልተለመዱም። በመብያው እንጨት ይዞ ለሌላው መብያ እንጨት ምግብ ማቀበል ነውር ነው፤ ከሬሳ ማቃጠል በኋላ የሟቹን ዐጽም ቤተ ዘመድ የሚቀባበለው በዚያ ዓይነት ነውና። እንጨቶቹንም በሩዝ ላይ ማቆም እንዲሁ የቀብር ምልክት ነው። ለአስተናጋጅ ገንዘብ ቢጨምሩለትም ረሳኸው ብሎ ተከትሎ ሊመልስ ይችላል። ጾመኛ ለሆነ ሰው ደግሞ ከአኩሪ አተር የሚሠራ ቶፉ የሚባል ምግብ እንዲሁም የቡድሃ መነኮሳት ያለ ሥጋና ያለ ዓሣ የሚያዘጋጁት ማእድ አለ። ሆኖም የብዙው ሾርባ መሠረት ከደረቀ ዓሣ የሚወጣ ስለ ሆነ፣ አስጐብኚውን አስቀድሞ ማስጠንቀቅ ይገባል።

ከጕብኝቱ ሁሉ ለኢትዮጵያዊ ልብ የሚቀርበው የሻይ ሥነ ሥርዓት ነው። ከ1522 እስከ 1591 እ.ኤ.አ. የኖረው ሴን ኖ ሪኪዩ የተባለ የሻይ መምህር ሥርዓቱን አጽንቶ አስተማረ። ወደ ሻይ ቤቱ የሚገባው ተንበርክኮ ብቻ በሚታለፍ ትንሽ በር ነበር፤ ስለዚህ ሰይፍ የታጠቀ መኰንን እንኳ ሰይፉን በውጭ ትቶ፣ አንገቱን ደፍቶ እንደ ሌላው ሰው ይገባል። አስተናጋጁ ዕቃውን በእንግዳው ፊት ይወለውላል፤ የተፈጨውን አረንጓዴ ሻይ ከሙቅ ውሃ ጋራ በቀርከሃ መምቻ ይመታል። እንግዳውም አስቀድሞ ጣፋጭ ቀምሶ፣ ጽዋውን በእጁ አዙሮ ይጠጣል። ቡናን በእንግዳ ፊት አጥቦ፣ ቈልቶና ወቅጦ፣ ዕጣን አጢሶ፣ አቦል፣ ቶናና በረካ ብሎ የሚያቀርብ ሕዝብ ይህንን ሲያይ እንግድነት አይሰማውም። ልዩነቱ፣ በዚያ አገር ሥርዓቱን የሚያስተምሩ ቤቶች ያሉት፣ ትርጕሙን ለእንግዳ በቋንቋው የሚያስረዳለት ሰው ያለው፣ የተወሰነ ሰዓትና ዋጋም የተቈረጠለት መሆኑ ነው።

የአስረጂው ነገር እንደ ቀላል የሚታይ አይደለም። ጃፓን አስጐብኚ በመንግሥት ፈተና አልፎ ፈቃድ እንዲይዝ በሕግ የደነገገችው በ1949 እ.ኤ.አ. ከጦርነት ፍርስራሽ ገና ሳትነሣ ነበር። ፈቃድ የሌለውም ሰው እየተከፈለው እንዲያስጐበኝ የተፈቀደው በ2018 እ.ኤ.አ. ነው። በ2003 እ.ኤ.አ. ወደ ጃፓን የገባው የውጭ ሰው 5.2 ሚሊዮን ያህል ሲሆን፣ በ2024 እ.ኤ.አ. ከ36.8 ሚሊዮን በላይ ሆኗል። እርግጥ ነው፤ ብዛቱ ጣጣም አምጥቷል። በኪዮቶ ከተማ በጊዮን ሰፈር ጎብኚዎች ሴቶቹን እየተከተሉ ፎቶግራፍ በማንሣት ስላስቸገሩ፣ ሰፈርተኛው በ2024 እ.ኤ.አ. የግል መተላለፊያዎቹን ለጎብኚ ዘግቷል። እንግዳ ተቀባይ የሆነ ሕዝብ የሚያሳየውንና የማያሳየውን መለየት እንዳለበት ከዚህ ይታወቃል።

እንግዲህ ከዚህ ሁሉ ለመንዝ ነጋዴ የሚተርፈው ምንድር ነው? ሁለት ነገሮች ተመልክቶ መፍረድ ይቻላል፤ ገብስና ባና።

ጃፓኖች በበጋ ወራት ሙጊቻ የሚባል መጠጥ ይጠጣሉ። ይህም ሌላ ሳይሆን ገብስ ተቈልቶ በውሃ የተዘፈዘፈ ነው። ይህንን በትንንሽ ከረጢት አሽገው በአገራቸውም በውጭም ይሸጡታል። ገብስ መቍላት ለመንዝ እመቤቶች የዕለት ሥራ ነው፤ ቈሎውም በሶውም ከዚያ ይወጣል። በዚያ አገር ያው ገብስ ስምና ማሸጊያ አግኝቶ ሲከብር፣ በዚህ ግን አብዛኛው በጥሬው በቍና ተሰፍሮ ያልፋል።

ባናውም እንዲሁ ነው። የመንዝ በግ ጠጕሩ ተሸልቶ፣ ሴቶች ፈትለውት፣ ሸማኔው ሸምኖት ባናና ዝተት ይሆናል፤ የደጋውን ብርድ የቻለውም ይህ ነው። ዛሬ ግን በፋብሪካ የተሠራ ርካሽ ብርድ ልብስ ከየገበያው ስለ ተገኘ፣ ከዋጋ ጋራ ብቻ ውድድር የገባ የእጅ ሥራ መረታቱ አይቀርም። ጃፓን ይኸው ችግር በደረሰባት ጊዜ በ1974 እ.ኤ.አ. የባህል እጅ ሥራን የሚያበረታታ ሕግ አወጣች። በዚህ ሕግ መሠረት ዕቃው በዕለት ኑሮ የሚያገለግል፣ ዋና ዋናው ሥራው በእጅ የሚሠራ፣ ጥበቡ መቶ ዓመት ያህል የቈየ፣ በታወቀ አገርም ብዙ ሠራተኞች የሚሠሩት ከሆነ፣ ተመርምሮ የመንግሥት ምልክት ይለጠፍበታል። እስከ ዛሬ ከ240 በላይ የሆኑ የእጅ ሥራዎች ይህንን ክብር አግኝተዋል። ጕብኝት የመጣውም እንግዳ ምልክቱን አይቶ፣ ሠሪውን በዐይኑ ተመልክቶ ስለሚገዛ በዋጋ አይከራከርም። የመንዝ ባና በዚህ ሚዛን ቢመዘን የሚጐድለው ነገር የለም፤ የሚጐድለው ምልክቱና አስረጂው ነው።

እንግዳ ማየት የሚሻው ነገርም በአገሩ አለ። የጓሳ ሜዳ ከ17ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ ባለአገሩ ቄሮ በሚባል ሥርዓት ሲጠብቀው የኖረ ነው። ሣሩ በተወሰነ ዘመን ይዘጋል፤ በተወሰነም ዘመን ይከፈታል። ስለዚህ ጭላዳ ዝንጀሮና ቀይ ቀበሮ እስከ ዛሬ አልጠፉበትም። ከዚያ የሚመጣ እንግዳ ባናው ሲሸመን አይቶ፣ ከገብሱ ቈሎ ቀምሶ፣ ቡናው እስከ በረካ ድረስ ቢጠጣ፣ ጕብኝቱ የተሟላ ይሆናል። ምንም እንኳ በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ በአማራ ክልል ከተነሣው ግጭት ወዲህ የጎብኚ መንገድ ክፉኛ ቢጐዳም፣ ሰላም በሚመለስበት ጊዜ ተዘጋጅቶ የሚጠብቅና ያልተዘጋጀ ነጋዴ እኩል አያተርፉም።

ዝግጅቱም ትልቅ ገንዘብ የሚጠይቅ አይደለም። ሸማኔዎችና ነጋዴዎች በአንድነት ተሰብስበው የባናውን ርዝመት፣ ወርድና ክብደት ይወስኑ፤ የተሠራበትን አገር ስም የያዘ ምልክት ይስፉበት፤ ዋጋውን ጽፈው ይለጥፉበት፤ ከወጣቶቹም የውጭ ቋንቋ የተማረ አንድ ሰው ታሪኩን እንዲያስረዳ ይቅጠሩ። ከሁሉም ይልቅ ግን ምልክቱን ከለጠፉ በኋላ ጥጥ ቀላቅሎ ባና ነው ብሎ የሚሸጠውን ሰው ራሳቸው ይከልክሉ። አንድ ጊዜ የተታለለ እንግዳ ዳግመኛ አይመለስምና።