አንዱ ሞተር ቢጠፋስ?

ብዙ መንገደኛ የሞተር ቁጥር ሲጨምር ደኅንነትም አብሮ የሚጨምር ይመስለዋል። ነገሩ ግን እንዲህ ቀላል አይደለም። አውሮፕላን የሚነድፉ መሐንዲሶችን አብዝቶ የሚያስጨንቃቸው ሞተሮቹ ሁሉ ሲሠሩ ያላቸው ጉልበት ሳይሆን፣ እጅግ በማይመች ሰዓት አንዱ ቢጠፋ የቀረው ይበቃል ወይ የሚለው ጥያቄ ነው።

የማይመቸው ሰዓት የታወቀ ነው፤ አውሮፕላኑ ተንደርድሮ ሊነሳ ሲል። ከእያንዳንዱ በረራ በፊት አብራሪዎች አንድ ፍጥነት ያሰላሉ፤ በሙያው ቋንቋ ቪ ዋን ይባላል። እዚያ ፍጥነት ላይ ሳይደረስ ሞተር ቢጠፋ ፍሬን ይያዛል። ካለፈ በኋላ ከጠፋ ግን የቀረው መንደርደሪያ ለመቆም ስለማይበቃ፣ በተረፈው ጉልበት መነሳት ግድ ነው። «ቪ ዋን» የሚለው ጥሪ ሲሰማ ዋና አብራሪው እጁን ከሞተሩ መቆጣጠሪያ እጀታ ላይ ያነሳል፤ ከዚያ ወዲያ የማቆም ሐሳብ የለም።

ባለ አራት ሞተር አውሮፕላን አንዱን ሲያጣ ሦስት አራተኛ ጉልበቱ ይተርፈዋል፤ ባለ ሁለት ሞተሩ ግን ግማሹን ያጣል። ስለዚህ በባለ ሁለት ሞተር የመንገደኛ አውሮፕላን ላይ እያንዳንዱ ሞተር ሙሉውን ጭነት ብቻውን ወደ ላይ ማውጣት እንዲችል ተደርጎ ይሠራል። ሁለቱም ሲሠሩ ትልቅ ትርፍ ጉልበት አለ ማለት ነው። ባለ ሁለት ሞተር ጄት አፍንጫውን ቀና አድርጎ በፍጥነት ሽቅብ ሲወጣ የምናየው በዚህ ምክንያት ነው።

ይህ ስሌት ለእኛ ቅርብ ነው። የቦሌ አውሮፕላን ማረፊያ ከባሕር ጠለል በላይ 2,300 ሜትር ገደማ ላይ ስለሚገኝ፣ አየሩ ከባሕር ዳርቻው አየር በአምስት እጅ አንድ ያህል የሳሳ ነው። በሳሳ አየር የሞተሩም ጉልበት የክንፉም አቅም ይቀንሳል። ከአዲስ አበባ ወደ ዋሽንግተን የሚሄደው በረራ ለዓመታት በመንገድ ላይ አርፎ ነዳጅ ሲሞላ፣ ከዋሽንግተን ሲመለስ ግን በቀጥታ የሚመጣበት ትልቁ ምክንያት ይኸው ነው። በሄደበት ከምዕራብ የሚነፍሰው ነፋስም ያዘገየዋል። መንገደኛው በመቆሙ ቢማረርም፣ የመነሻው ክብደት የተሰላው አንድ ሞተር ቢጠፋ እንኳ የቦሌን ዙሪያ ተራራ ማለፍ እንዲቻል ነው።

የጉልበት ማነስ ብቻ አይደለም ችግሩ። በአንድ ቀንበር ከተጠመዱ በሬዎች አንዱ ቆሞ ሌላው ቢጎትት እርፉ እንደሚጠማዘዝ ሁሉ፣ አውሮፕላኑም ወደጠፋው ሞተር በኩል ይዞራል። አብራሪው በሚሠራው ሞተር በኩል ያለውን ፔዳል አጥብቆ ረግጦ፣ በጭራው መሪ ያቃናዋል። ሥራ ፈትቶ የቀረው እግር የጠፋው ሞተር በየትኛው ወገን እንዳለ ይጠቁመዋል። ግን ወዲያው እጅ መስደድ የለበትም፤ ረዳቱ ሳያረጋግጥ ምንም አይዘጋም። በ2015 ታይፔ ላይ የትራንስ ኤዥያ ኤቲአር አውሮፕላን ከተነሳ ብዙም ሳይቆይ አንዱ ሞተር ጉልበት ሲያጣ፣ አብራሪው ደኅናውን ሞተር ቀነሰ፤ 43 ሰዎች ሞቱ። (እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ለሥልጠናና ለኪራይ የሚያገለግሉት እንደ ፓይፐር ሴኔካ ያሉ ትንንሾቹ ባለ ሁለት ሞተሮች ይህ አቅም አይጠበቅባቸውም። ከባድ ጭነት ይዘው በከፍታ ቦታ አንዱ ቢጠፋ፣ የቀረው ሞተር መውረድን ከማዘግየት በላይ ላይረዳ ይችላል። 

በባለ ሁለት ሞተሮች ላይ ትልቁ ለውጥ የመጣው በረጅም መንገድ ነው። በ1953 የወጣው የአሜሪካ ደንብ ባለ ሁለት ሞተር አውሮፕላን በአንድ ሞተር ሲበር ከማረፊያ ከ60 ደቂቃ በላይ እንዳይርቅ ይከለክል ነበር። በፒስተን ሞተር ዘመን ተገቢ ጥንቃቄ ነበር፤ ውቅያኖስ ማቋረጥም የባለ ሦስትና የባለ አራት ሞተሮች ሥራ ሆኖ ቆየ። ጄት ሞተር እየታመነ ሲሄድ ገደቡ በ1985 ወደ 120፣ በ1988 ወደ 180 ደቂቃ ከፍ አለ። ከዚያ በፊት በ1984 የኢትዮጵያ አየር መንገድ አዲሱን ቦይንግ 767 ከዋሽንግተን አዲስ አበባ 12,082 ኪሎ ሜትር ያለማቋረጥ አብርሮ፣ ለባለ ሁለት ሞተር ጄት የርቀት ክብረ ወሰን አስመዝግቧል። ይህ ታሪክ ከሚነገርለት በላይ ሊነገርለት ይገባል ብዬ አምናለሁ፤ አየር መንገዱ በ1946 የጀመረው በፒስተን ሞተር በሚሠሩ ባለ ሁለት ሞተር ሲ 47ዎች ነበርና። በ2014 ኤርባስ ኤ350 እስከ 370 ደቂቃ ተፈቀደለት፤ በአንድ ሞተር ከስድስት ሰዓት በላይ መብረር ማለት ነው።

አራት ሞተር መግዛት፣ መመገብና መጠገን ውድ ስለሆነ የመንገደኛ ገበያው ፊቱን አዞረ። የመጨረሻው ኤ380 በ2021፣ የመጨረሻው 747 በ2023 ለገዢ ተላለፉ። አራት ሞተር ዛሬም ቦታው የጸናው በከባድ ጭነት ነው፤ በተለይ ሄርኩለስ በሚባለው የጭነት አውሮፕላን። አራቱ ትልልቅ ፕሮፔለሮቹ በክንፉ ላይ ብርቱ አየር ስለሚነፍሱ በዝቅተኛ ፍጥነት፣ ከአጭርና አስፋልት ካልለበሰ ሜዳ መነሳት ይችላል። በ1984 እና 85 የኢትዮጵያ ድርቅ የእንግሊዝ አየር ኃይል ሄርኩለሶች መኪና በማይደርስበት ደጋ ላይ እጅግ ዝቅ ብለው እየበረሩ የእህል ጆንያ ጥለዋል። በ1954 የመጀመሪያ በረራውን ያደረገው ይህ አውሮፕላን፣ በታደሰ ሞተርና ባለ ስድስት ምላጭ ፕሮፔለር ዛሬም ከፋብሪካ ይወጣል።