አሸናፊ ከበደ፦ ክራርንና ኦርኬስትራን በእኩል ዓይን ያየ ሙዚቀኛ

ከሐይቅ ከተማ በስተሰሜን ያለው አምባሰል ስሙን ለአንድ ቅኝት አውሷል። ከትዝታ፣ ከባቲና ከአንቺ ሆዬ ጋር ተደምሮ የሙዚቃችን ምሰሶ ነው። የወሎ መሰንቆ መቺ ይህን ቅኝት የሚማረው ከታላላቆቹ አጠገብ ተቀምጦ፣ በጆሮው ነው። በጆሮ የኖረው ዕውቀት በትምህርት ቤትና በምርምር ክብሩን እንዲያገኝ ከደከሙት ግንባር ቀደሞች አንዱ ፕሮፌሰር አሸናፊ ከበደ ናቸው።

አሸናፊ እ.ኤ.አ. በ1938 አዲስ አበባ ተወለዱ። በአሜሪካ ኢስትማን የሙዚቃ ትምህርት ቤት ተምረው በ1962 ተመረቁ፤ ወደ አገራቸው ተመልሰውም የያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት የመጀመሪያ ዳይሬክተር ሆኑ። በያሬድ ክራር፣ መሰንቆና ዋሽንት እንደ ፒያኖና ቫዮሊን መምህር ተመድቦላቸው ይጠናሉ። አዝማሪ በሚናቅበት አገር ይህ ትልቅ እርምጃ ነበር።

አሸናፊ የዜማ ደራሲና የኦርኬስትራ መሪም ነበሩ። «እረኛው ዋሽንት ነፊ» የተሰኘው ድርሰታቸው የገጠሩን ዋሽንት መንፈስ ወደ ኦርኬስትራ ያመጣል። በ1967 ቡዳፔስት ላይ የሃንጋሪን መንግሥት ኦርኬስትራ መርተዋል። ቦታው የሚገባ ነበር፤ የሃንጋሪዎቹ ባርቶክና ኮዳይ የገበሬውን ዘፈን ከየመንደሩ ሰብስበው ለታላላቅ ድርሰቶቻቸው መሠረት አድርገውታልና።

ለእንዲህ ያለ ሥራ ቅኝቶቻችን ምን ያህል ሀብታም እንደሆኑ አምባሰል ራሱ ይመሰክራል። ከዶ ሲነሣ ድምፆቹ ዶ፣ ሬ ፍላት፣ ፋ፣ ሶል እና ላ ፍላት ናቸው። ከመጀመሪያው ወደ ሁለተኛው ግማሽ ድምፅ ብቻ ነው፤ ከሁለተኛው ወደ ሦስተኛው ግን ሁለት ሙሉ ድምፅ ይዘለላል። የአምባሰል ልዩ ጠባይ የሚወጣው ከዚህ የጠባብና የሰፊ ርቀት መፈራረቅ ነው።

አሸናፊ በ1971 በዌስሊያን ዩኒቨርሲቲ ስለ ኢትዮጵያ ሙዚቃ ጽፈው ዶክትሬታቸውን አገኙ። በ1977 ደግሞ ስለ ክራር ያሳተሙት ጥናት፣ ክራር የሰይጣን መሣሪያ ስለ መባሉ ያነሣል። በፍሎሪዳ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ሲያስተምሩ ቆይተው በ1998 አረፉ።

ዛሬ በሐይቅም ሆነ በውጫሌ መሰንቆ የያዘ ወጣት ከባህሉና ከኖታው አንዱን ምረጥ ሊባል አይገባውም። የአሸናፊ ሕይወት ሁለቱን አብሮ መያዝ እንደሚቻል አሳይቷል። መምህራንና የባህል ቢሮዎች አዛውንቶቹን ባለሙያዎች ከወጣቶቹ ጋር በአንድ ክፍል ቢያስቀምጡ፣ እሳቸው የጀመሩት ሥራ አምባሰል ድረስ ይዘልቃል።